ክሴን ሥልጣን ወዳለው ፍርድ ቤት እስካደርስ

ደብረ ብርሃን ከተማ ውስጥ ካርታው በስሜ የሆነ ቤት አለኝ። የአጎቴ ልጅ ሥራ አጥቶ በነበረበት ጊዜ ለአንድ ዓመት እንዲኖርበት ፈቅጄለት ነበር፤ ለዚህም አዲስ አበባ ላይ ሁለት ምስክሮች የፈረሙበት ወረቀት ተጻጽፈናል። ዓመቱ አልፎ ልቀቅልኝ ብለው እምቢ አለ፤ ጭራሽ ሁለቱን ክፍሎች አከራይቶ ገንዘቡን ይበላ ጀመር። ሽማግሌ ሦስት ጊዜ ልኬ ስላልተሳካልኝ፣ በግንቦት 2014 ዓ.ም. በምኖርበት በአዲስ አበባ ለፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ክስ አቀረብኩ።

ክሱን ስጽፍ ያጣራሁት አንድ ነገር ብቻ ነበር። በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት እስከ 10 ሚሊዮን ብር የሚደርስ የፍትሐ ብሔር ክርክር እንደሚያይ አንብቤ፣ የቤቴ ግምት ከዚያ በእጅጉ ስለሚያንስ ነገሩ ያለቀ መሰለኝ። ቦታውን በተመለከተ ደግሞ ወረቀቱ የተፈረመው አዲስ አበባ ስለሆነ ውል በተደረገበት ስፍራ መክሰስ እችላለሁ ብዬ ደመደምኩ። ስህተቴ እዚህ ላይ ነው። እኔ የጠየቅሁት ዳኝነት ተከሳሹ ቤቱን ለቆ እንዲያስረክበኝ ሲሆን፣ የ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 25 የማይንቀሳቀስ ንብረትን የሚመለከት ክስ ንብረቱ በሚገኝበት ስፍራ ባለ ፍርድ ቤት እንዲቀርብ ያዛል። ፍርድ ቤት የሚመለከተው የወረቀቱን ርዕስ ሳይሆን በክሱ መጨረሻ ላይ የተጠየቀውን ዳኝነት መሆኑን የተረዳሁት ዘግይቼ ነው።

ተከሳሹ መጥሪያ ደርሶት መልሱን ሲሰጥ፣ በዚሁ ሕግ አንቀጽ 244 መሠረት የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ፣ ማለትም ወደ ዋናው ክርክር ከመገባቱ በፊት የሚነሳ ተቃውሞ፣ አስቀድሞ ቤቱ ያለው ደብረ ብርሃን ነው አለ። የግዛት ሥልጣንን፣ ማለትም ጉዳዩ በየትኛው ስፍራ ባለ ፍርድ ቤት ይታይ የሚለውን፣ የሚመለከት መቃወሚያ ገና ከመነሻው ካልተነሳ በኋላ ላይ ብዙም ዋጋ ስለማይኖረው፣ እንዳያነሳው ተስፋ ማድረጌን አልሸሽግም። የክረምቱ የፍርድ ቤት ዕረፍት መሐል ገብቶ ብይኑ የተሰጠው በጥቅምት 2015 ዓ.ም. ነበር፤ መቃወሚያው ተቀባይነት አግኝቶ መዝገቡ ተዘጋ።

እስከዚያች ቀን ድረስ መዝገቤ ራሱ በደብዳቤ ወደ ደብረ ብርሃን የሚላክ ይመስለኝ ነበር። አይላክም። ፍርድ ቤቱ ሥልጣን የለኝም ሲል መዝገቡን ይዘጋል፤ ከሳሹ ሥልጣን ባለው ፍርድ ቤት እንደ አዲስ ይከሳል። ይበልጥ ያስደነገጠኝ ግን ቤቱ እንዳይሸጥና እንዳይለወጥ አሰጥቼው የነበረው የእግድ ትእዛዝ ከመዝገቡ ጋር አብሮ መነሳቱ ነው። በማግሥቱ የብይኑን፣ የክሱንና የተከሳሹን መልስ በማኅተም የተረጋገጠ ግልባጭ ከመዝገብ ቤት አውጥቼ፣ በዚያው ሳምንት 130 ኪሎ ሜትር ያህል ተጉዤ ደብረ ብርሃን ገባሁ። ቢዘገይ ኖሮ ቤቱ በእነዚያ ጥቂት ቀናት ውስጥ በሦስተኛ ወገን እጅ ሊገባ ይችል ነበር።

በዚያም ቢሆን በመጀመሪያ የሄድኩት ወደ ወረዳ ፍርድ ቤት ነው። ክሱን የተቀበሉት የሬጅስትራር ሠራተኛ፣ በዕድሜ ገፋ ያሉ ሴት፣ አድራሻዬ ላይ ጣታቸውን አሳርፈው «አንተ አዲስ አበባ፣ እርሱ እዚህ፤ ይህማ የፌዴራል ጉዳይ ነው ልጄ» አሉኝ። ነዋሪነታቸው በተለያየ ክልል የሆነ ሰዎች የሚያደርጉት ክርክር በፌዴራል ፍርድ ቤቶች ሥልጣን ሥር ይወድቃል፤ የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤትን ሥልጣን ደግሞ በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 መሠረት በክልሉ የሚሠራበት የክልሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። የግዛት ሥልጣኑን ብቻ እያሰብኩ የሥረ ነገሩን ሥልጣን፣ ማለትም እንዲህ ያለውን ጉዳይ የትኛው ዓይነት ፍርድ ቤት ያየዋል የሚለውን፣ ልስት ነበር ማለት ነው፤ ይህኛው ደግሞ ተከሳሹ ባያነሳውም ፍርድ ቤቱ በራሱ አነሳሽነት የሚያየው ነው። እኚያ ሴት ዝም ብለው ቢቀበሉኝ ኖሮ ሌላ ዓመት በከንቱ ባለፈ ነበር።

ከዚያ በኋላ ጠበቃ ያዝኩ። ለከፍተኛው ፍርድ ቤት ባቀረብነው ክስ መግቢያ ላይ ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን የሚያየው በፌዴራል ውክልና ሥልጣኑ መሆኑን በግልጽ ጻፍን፤ የሁለታችንን መደበኛ መኖሪያ የሚያሳዩ የቀበሌ መታወቂያዎች፣ የካርታውን ቅጂና የአዲስ አበባውን ብይን አያያዝን፤ የዳኝነት ክፍያውንም እንደገና ከፈልኩ። የእግድ ማመልከቻውን ከመሐላ ቃለ ጉባኤ ጋር በዚያኑ ቀን አስገባን እንጂ ለሚቀጥለው ቀጠሮ አላሳደርነውም፤ ትእዛዙም በአራተኛው ቀን ወጣ። ምስክሮቹን አዲስ አበባ ድረስ ከማመላለስ መዳኔንም ያየሁት ያኔ ነው፤ ጎረቤቶቹም ተከራዮቹም ከችሎቱ በእግር የሚደረስባቸው ነበሩ።

ተከሳሹ በአዲሱ መልሱም ጉዳዩ የወረዳ ፍርድ ቤት ነው የሚል መቃወሚያ አነሳ። ጠበቃዬ ብዙ አልተከራከረም፤ ሁለቱን መታወቂያዎች ጠቅሶ ነዋሪነታችን በተለያየ ክልል መሆኑን ተከሳሹ ራሱ በአዲስ አበባው መልስ ላይ ማመኑን ከግልባጩ አነበበ። መቃወሚያው ውድቅ ተደርጎ ጭብጥ፣ ማለትም ፍርድ የሚሰጥበት አከራካሪ ነጥብ፣ ተያዘ፤ ምስክር ለመስማትም ለየካቲት ተቀጠረ።