ስለ ፖለቲካ መጠየቅ ያቆምሁበት ፊልም

በ2015 ክረምት፣ ፒያሳ ዶሮ ማነቂያ አካባቢ በነበረ አንድ የቀበሌ ግቢ ውስጥ አጭር ዘጋቢ ፊልም ለመሥራት ስነሳ፣ ነዋሪዎቹን ስለ ፖለቲካ ለመጠየቅ ተዘጋጅቼ ነበር። በመጀመሪያው ሳምንት ስምንት ሰዎችን ቀረጽሁ፤ ማታ ስመለከተው ግን ስምንቱም የሚናገሩት የሁለት ሰዓት ዜና ቋንቋ ነበር። ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ካሜራ ተደግኖበት ስለ መንግሥት ምን እንደሚያስብ የተጠየቀ ሰው ከጥንቃቄ በቀር ምን ሊመልስ ይችላል?

በሁለተኛው ሳምንት ያንን ጥያቄ ትቼ ስለ ቤት ኪራይ ጠየቅሁ። እማማ እያልሁ የምጠራቸው አዛውንት ከፍራሻቸው ሥር አንድ የተጠቀለለ ፌስታል አውጥተው፣ ለአሥርት ዓመታት ያስቀመጧቸውን የኪራይ ደረሰኞች አልጋው ላይ ደረደሩልኝ። በመጀመሪያዎቹ ላይ የከፍተኛና የቀበሌ፣ በመጨረሻዎቹ ላይ የወረዳ ማኅተም አርፎባቸዋል፤ መንግሥት ሲለወጥ ማኅተሙ ተለውጧል፣ የብሩ መጠን ግን እምብዛም አልተነቃነቀም። አዋጅ ቁጥር 47/1967 ትርፍ ቤቶችን ሲወርስ፣ በወር ከ100 ብር በታች የሚከራዩት ለቀበሌ መተላለፋቸውን ሁላችንም እናውቃለን። እኔ ያላስተዋልሁት፣ ኪራዩ ከረከሰ ቤቱን የሚያድስ እንደማይኖር፣ የሚያፈስ ጣሪያ ለመድፈንም ፈቃድ መጠየቅ እንደሚያስፈልግ ነበር። እማማ ይህን ሁሉ የተናገሩት «ፖለቲካ» የሚለውን ቃል አንድ ጊዜ እንኳ ሳያነሡ ነው።

ያን ዕለት የወረደው በረዶ የቆርቆሮውን ጣሪያ ሲደበድበው፣ እኔ ማዳመጫዬን አንገቴ ላይ አንጠልጥዬ ምስሉን ብቻ እከታተል ነበር። የንግግራቸው ግማሽ ያህል በጩኸቱ ተውጦ ቀረ። በኤዲቲንግ አስተካክለዋለሁ ብዬ ሦስት ቀን ደከምሁ፤ አልሆነም። ከዚያ ወዲህ ማዳመጫው ከጆሮዬ ሳይወርድ አልቀርጽም።

በስምምነት ጉዳይ ላይም ተሳስቻለሁ። አንድ ወጣት መጀመሪያ ፈርሞልኝ ስለነበር ጉዳዩ ያለቀለት መስሎኝ ነበር፤ ከወራት በኋላ ግን ሥራ ሊቀጠር መሆኑን ገልጾ ፊቱ እንዳይታይ ለመነኝ። ከፊልሙ ሁሉ ጠንካራ የነበረውን ሁለት ደቂቃ ቆርጬ አወጣሁ። ፊልሙ መጎዳቱን አልክድም፤ ዛሬም ቢሆን ግን ያንኑ አደርጋለሁ። አሁን ፈቃድ የምጠይቀው ሦስት ጊዜ ነው፦ ከመቅረጼ በፊት፣ ከቆረጥሁ በኋላ፣ ለሕዝብ ከማሳየቴ በፊት።

በ2016 አጋማሽ ግቢው በኮሪደር ልማት ፈረሰ፤ ነዋሪዎቹም በየኮንዶሚኒየሙ ተበተኑ። የተቆረጠውን ፊልም በላፕቶፕ ይዤ እማማ ወደ ተዛወሩበት አራተኛ ፎቅ ወጣሁ። ስለ ኪራዩ የተናገሩትን ዝም ብለው አዩት። የጋራው ማድ ቤት ሲመጣ፣ ጎረቤታቸው ቡና ስትወቅጥ፣ ዓይናቸውን ጨፍነው አዳመጡ። ላፕቶፑን ልዘጋ ስል እጄን ያዙኝና «እስቲ ያቺን ዘነዘና መልስልኝ፣ ልጄ» አሉኝ።