ከኦስሎ በርገን፣ በለሆሳስ

ሦስተኛው ዘፈን ላይ ባቡሩ ዋሻ ውስጥ ገባና ሙዚቃዬን ዋጠው።

ሁለቱ ጊታሮች ጠፉ። ድምፆቹም ጠፉ። ጆሮዬ ላይ የቀረው የሐዲድ ጩኸት ብቻ ነው። ድምፁን ከፍ አደረግኩት፤ አልሆነም። ይህ አልበም ሲጮኽ አያምርበትም። ጣት ክር ላይ ሲንሸራተት የምትሰማዋ ትንሽ ፉጨት እንደ መርፌ ትወጋለች። መልሼ ዝቅ አድርጌ ከዋሻው እስክንወጣ ጠበቅኩ። ወጣን። ግማሽ ስንኝ ሰማሁ። ከዚያ ደግሞ ሌላ ዋሻ።

በኖርዌይ ከኦስሎ ወደ በርገን የሚወስደው ባቡር ሰባት ሰዓት ገደማ ይፈጃል። መስመሩ ሙሉ በሙሉ የተከፈተው በ1909 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ተራራውን እየበሳ ነው የሚሄደው፤ ዋሻዎቹ ከመቶ በላይ ናቸው። እኔ ደግሞ ለዚህ መንገድ ብዬ ያስቀመጥኩት፣ ከማውቃቸው አልበሞች ሁሉ ድምፁ ዝቅ ያለውን ነው።

«ኩዋየት ኢዝ ዘ ኒው ላውድ» ይባላል። «የዘመኑ ጩኸት ዝምታ ነው» ብዬ እመልሰዋለሁ። የወጣው በ2001 ነው። የሠሩት ኪንግስ ኦፍ ኮንቪኒየንስ የሚባሉት ሁለት የበርገን ልጆች ናቸው፤ ኤርለንድ ኦዬ እና አይሪክ ግላምቤክ ቦ። ሁለቱም የ1975 ልጆች ናቸው። የተዋወቁት ገና በልጅነታቸው፣ የጂኦግራፊ ውድድር ላይ ነው። ይህቺን ታሪክ በጣም እወዳታለሁ። ካርታ ያገናኛቸው ልጆች! ጎረምሶች ሳሉ ከጓደኞቻቸው ጋር ስኩግ የሚባል ባንድ ነበራቸው፤ «ደን» ማለት ነው። ባንዱ ፈረሰ። ሁለቱ ቀሩ።

አልበሙ ላይ ብዙ ነገር የለም። ዋናው ሁለት ጊታርና ሁለት ድምፅ ነው። ጊታሩ በአብዛኛው ይደረደራል እንጂ አይገረፍም። ቼሎና ትራምፔት አልፎ አልፎ ጣል ይላሉ። ከበሮ ሲመጣ እንኳ የተኛ ሰው እንዳይቀሰቅስ ተጠንቅቆ የሚገባ ይመስላል። አንዱ ዜማውን ሲይዝ ሌላው ከጎኑ ይሄዳል፤ የትኛው ድምፅ የማን እንደሆነ የሚጠፋኝ ጊዜ አለ። ብዙ ሰው ከአሜሪካውያኑ የፎክ ዘፋኞች ከሳይመንና ጋርፈንከል ጋር ያወዳድራቸዋል። እውነት አለው። ለእኔ ግን ከፎክሉ እኩል የብራዚሉ ለስላሳ ሙዚቃ ቦሳ ኖቫ ይሰማኛል፤ በተለይ ክሩን በሚነካው ቀኝ እጃቸው ላይ።

ፊንሴ ደረስን። በአገሪቱ ከፍተኛው የባቡር ጣቢያ ነው፤ 1,222 ሜትር። የመኪና መንገድ የለውም። ሚያዝያ እያለቀ ነበር፣ በረዶው ግን ገና ነው። ስኪ የያዙ ሰዎች ወረዱ። ለአንድ ደቂቃ ያህል ወርጄ ቆምኩ። ነጭ ሜዳ፣ ነፋስ፣ ሌላ ምንም። «አሁን ነበር መስማት» አልኩ በልቤ። ግን ባቡሩ ሊነሳ ነው፤ ከፊታችን ደግሞ ከ10 ኪሎ ሜትር በላይ የሚረዝም ዋሻ አለ። ማዳመጫውን ጠቅልዬ ኪሴ ከተትኩት።

በርገን በዝናብ ተቀበለችኝ። በዓመት ከ2,000 ሚሊ ሜትር በላይ ዝናብ የሚጥልባት ከተማ ናትና አልገረመኝም። ብሪገን የሚባለውን ጥንታዊ የወደብ ሰፈር አየሁ፤ የእንጨት ቤቶቹ ያምራሉ፤ ሰው ይበዛል።

ስለ አልበሙ አንድ ነገር መናገር አለብኝ። የተቀዳው በርገን አይደለም። ሊቨርፑል ነው፣ ከፕሮዲውሰሩ ከኬን ኔልሰን ጋር። የእንግሊዙን ባንድ የኮልድፕሌይን የመጀመሪያ አልበም የሠራው ያው ሰውዬ ነው። ይህን እያወቅኩ ነው የመጣሁት። ስቱዲዮ ፍለጋ አልነበረም። እንዲህ በለሆሳስ የሚዘፍኑ ልጆች ያደጉበት ቦታ ምን ዓይነት ድምፅ እንዳለው ለመስማት ነው።

በማግስቱ በከተማው ቀላል ባቡር ወደ ትሮልድሃውገን ሄድኩ። በዚህ ባቡር እያንዳንዱ ፌርማታ የራሱ አጭር ዜማ አለው። የጣቢያው ስም ከመጠራቱ ጋር ጥቂት ኖታ ትሰማለህ። አንድ ፌርማታ ቀድሜ ልወርድ አሰብኩና ቀጣዩን ዜማ ለመስማት ስል ቀረሁ።

ትሮልድሃውገን የሙዚቃ ደራሲው የኤድቫርድ ግሪግ ቤት ነው። የኖርዌይን የገጠር ዜማ ይዞ ዓለምን የዞረ የበርገን ልጅ፤ የተወለደው በ1843 ነው። እኔን የያዘኝ ትልቁ ቤት ሳይሆን ከታች ሐይቁ ዳር ያለችው ጎጆ ናት። አንዲት ክፍል። ፒያኖ፣ ወደ ውኃው የዞረ ጠረጴዛ፣ አንድ ሶፋ። ግሪግ ሰው እየሰማው መሥራት አይሆንለትም ነበር፤ ጎጆዋን ያሠራት ለዚህ ነው። በመስታወቱ ውስጥ እያየሁ ብዙ ቆየሁ። ያን ያህል ስም ያለው ሰው፣ ለሥራው የፈለገው አንድ ጸጥ ያለ ክፍል ነው።

ማታ ክፍሌ ውስጥ መብራት አጥፍቼ አልበሙን ከመጀመሪያው አስነሳሁት። ስንት ጊዜ ሰምቼዋለሁ! ያን ለሊት ግን ድሮ አስተውዬው የማላውቀውን ነገር ሰማሁ። ሁለቱ አብረው ከመግባታቸው በፊት ትንፋሽ ይስባሉ። እኩል። ያቺ ቅጽበት ከግማሽ ሰከንድ አትበልጥም። ተመልሼ ሰማኋት። ደግሜ ተመለስኩ። ሁለት ሰው እንዲህ እኩል የሚተነፍሰው፣ አንዱ ሌላውን ሲያዳምጥ ብቻ ነው። ድምፃቸውን ዝቅ የሚያደርጉትም ለዚህ ይመስለኛል። አንዱ ከጮኸ ሌላውን አይሰማውማ።

ስመለስ ዋሻዎቹን አውቄአቸዋለሁ። አልቸኮልኩም። ከበርገን ተነስተን ቮስን አልፈን ሽቅብ ስንወጣ ማዳመጫው ጆሮዬ ላይ ነው፣ ሙዚቃው ግን አልተጀመረም። ያ ረጅሙ ዋሻ መጣ። ጨለማው ውስጥ ጣቴን ስልኬ ላይ አድርጌ ጠበቅኩ። ከፊንሴ በኋላ መንገዱ ገለጥ ይላል፤ በረዶ የተኛበት ሜዳና የቀዘቀዘ ሐይቅ ነው። ጣቢያው ላይ ቆመን ሰው ወረደ፣ ሰው ወጣ። በሩ ተዘጋ። ባቡሩ ቀስ ብሎ ሲነሳ ተጫንኩት።