የፍሬድሪክ ፎርሳይትን ሕይወት በአማርኛ ለመጻፍ ለምትነሡ፦ ቢያፍራ ላይ ተጠንቀቁ

የእንግሊዛዊውን የልብ አንጠልጣይ ልቦለድ ደራሲ የፍሬድሪክ ፎርሳይትን የሕይወትና የሥራ ታሪክ በአማርኛ አዘጋጅቼ ጨርሻለሁ። ስነሣ አንድ የሚያውቅ ሰው «የዚህ ደራሲ ዋና ምስክር ራሱ ነው፤ እሱ ደግሞ ትረካ የሚያሳምርበት ሰው ነው» ቢለኝ ኖሮ አሠራሬን ከሥሩ ለውጬ እጀምር ነበር። እዚህ የማሰፍራቸው ዓመቶች «ዓ.ም.» ካልተባሉ በስተቀር እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

የመጀመሪያው ክፍል ቀላል ነው። ኦገስት 25 ቀን 1938 በኬንት አውራጃ አሽፎርድ ተወለደ፤ በአሥራዎቹ መጨረሻ በአየር ኃይል ቫምፓየር የተባለውን ጄት አበረረ፤ በኖርፎክ የአገር ቤት ጋዜጣ ላይ ሠራ፤ በ1961 ሮይተርስ ገባ፤ ከዚያ ፓሪስ፣ ከዚያ ምሥራቅ በርሊን፣ በ1965 ቢቢሲ። ልደቱን ለማጣራት የእንግሊዝ የልደት መዝገብ ማውጫ በነፃ ይገኛል። ማውጫው በሩብ ዓመት የተከፈለ ነው፤ ለማስመዝገብ የሚሰጠው ጊዜ 42 ቀን ስለሆነ በኦገስት የተወለደ ሰው ከሴፕቴምበሩ ሩብ ከታጣ በዲሴምበሩ ይፈለጋል። ከ1911 ወዲህ የእናት የቤተሰብ ስም አብሮ ስለሚጻፍ ሞክሼዎች አያደናግሩም። ይህን መዝገብ ማወቅ ለሌላም ይጠቅማል። ፎርሳይት በመጀመሪያ ልቦለዱ፣ በ«ዘ ዴይ ኦቭ ዘ ጃካል»፣ ነፍሰ ገዳዩን በሕፃንነቱ በሞተ ልጅ የልደት ምስክር ወረቀት ፓስፖርት ያስወጣው የልደትና የሞት መዝገቦቹ እርስ በርስ ስለማይመሳከሩ ነው። ክፍተቱ መጽሐፉ ከወጣ በኋላም ለብዙ ዓመታት ሳይደፈን ቆይቷል።

ዘመን መቁጠሪያው ላይ ግን ቆም በሉ። ጽሑፉን የተቀበለው ክፍል የሰጠኝ የአዘጋጆች መመሪያ «ከአውሮፓው ዓመት ላይ ስምንት ቀንሱ» ይላል። ስሕተት ነው፤ ዛሬም ያናድደኛል። ስምንት የሚቀነሰው ከጃንዋሪ እስከ መስከረም ዋዜማ ላለው ጊዜ ነው፤ ከመስከረም እስከ ዲሴምበር መጨረሻ ሰባት ነው። ወሩ ያልታወቀ ድርጊት ወደ ዓ.ም. ጨርሶ አይመለስም፤ «1967» ብቻ ከሆነ ያገኛችሁት 1959 ወይም 1960 ዓ.ም. ሊሆን ይችላል። የእኔ ምክር ቀኑ ሙሉ ሲሆን ብቻ ሁለቱንም ጻፉ፣ ካልሆነ የአውሮፓውን ተዉት የሚል ነው። ልደቱ ነሐሴ 19 ቀን 1930 ዓ.ም.፣ ዕረፍቱ ሰኔ 2 ቀን 2017 ዓ.ም. ነው፤ ጁን 9 ቀን 2025 ማለት ነው።

አሁን ወደ ቢያፍራ። ሌላው ሁሉ እዚህ ላይ ነው የሚቋጠረው።

የናይጄሪያ ምሥራቃዊ ክፍል የነበረችው ቢያፍራ መገንጠሏን ያወጀችው ሜይ 30 ቀን 1967 ነው፤ ጦርነቱ በጁላይ ተጀምሮ በጃንዋሪ 1970 አበቃ። ፎርሳይት በ1967 ክረምት ለቢቢሲ ሊዘግብ ሄደ፤ በ1968 ከቢቢሲ ወጥቶ በራሱ ወጪ ነፃ ጋዜጠኛ ሆኖ ተመለሰ፤ በ1969 ስለ ጦርነቱ «ዘ ቢያፍራ ስቶሪ» የተባለውን መጽሐፍ አወጣ። እዚህ ድረስ የሚከራከር የለም። ክርክሩ ለምን ወጣ የሚለው ነው። በእሱ አተራረክ ቢቢሲ ጦርነቱን ለመዘገብ ፍላጎት አልነበረውም፤ የእንግሊዝ መንግሥት የሚፈልገውን ብቻ ያወራ ነበር። ይህንን ለአሥርት ዓመታት ደጋግሞ ተናግሯል፤ ሌሎችም ከእሱ እየቀዱ ስለጻፉት አሥር ቦታ ያገኛችሁት ወሬ አንድ ምንጭ ብቻ ያለው ሊሆን ይችላል።

የጻፍኩለት አንድ ቤተ መዛግብት የመለሰልኝ የግለሰብ የሥራ ፋይል ለውጭ ሰው አይታይም የሚል ነው። የግለሰብ ፋይል መዘጋቱ ይገባኛል። የጠየቅሁት ግን በዚያ ዘመን በአየር ላይ የዋለ፣ ሚሊዮኖች የሰሙት የዜና ጽሑፍ ነበር፤ እሱንም ከፋይሉ ጋር ጨፍልቀው ከለከሉኝ። ጥያቄያችሁን ለሁለት ከፍላችሁ በተለያየ ደብዳቤ ላኩ። የቢቢሲ የድሮ ፕሮግራም ዝርዝር በነፃ መገኘቱም አያታልላችሁ፤ የዜና ሰዓት መኖሩን እንጂ በዜናው የተነበበውን አይነግራችሁም። ከዚያ ይልቅ የእንግሊዝ ፓርላማ ቃለ ጉባኤ ይሻላል፤ ስለ ናይጄሪያ የተደረገው የኦገስት 27 ቀን 1968 ክርክር ሙሉውን ይነበባል፣ መንግሥት ለናይጄሪያ የጦር መሣሪያ መሸጡን እንዴት እንደተከላከለ ከራሱ አፍ ይሰማል።

እኛ አገር ያለውን ምንጭ ደግሞ የውጭ ጸሐፊዎች ዘልለውት ሄደዋል። በዚያው ኦገስት 5 ቀን፣ ሐምሌ 29 ቀን 1960 ዓ.ም. ማለት ነው፣ የናይጄሪያና የቢያፍራ ድርድር አዲስ አበባ ላይ ተከፈተ። የአፍሪካ አንድነት ድርጅት የምክክር ኮሚቴ ሊቀመንበር ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ነበሩ፤ የቢያፍራው መሪ ኦጁኩ ራሱ መጥቶ ረጅም ንግግር አደረገ። ስለዚህ ወመዘክር ሄዳችሁ የሐምሌ መጨረሻንና የነሐሴ 1960 ዓ.ም.ን የአዲስ ዘመን ጥራዝ አስወጡ። ፎርሳይት የኦጁኩ ወዳጅ ነበር፣ በኋላም የሕይወት ታሪኩን ጽፎለታል፤ ሌላው ወገን ምን ይል እንደነበር ከፎርሳይት ብቻ መስማት ፍርደ ገምድልነት ነው።

ከሁሉ የከበደው የ2015ቱ ነው። በዚያ ዓመት ባወጣው ግለ ታሪኩ ቢያፍራ እያለ ለእንግሊዝ የውጭ ስለላ ድርጅት መረጃ ይሰጥ እንደነበር፣ ያለ ክፍያም ለብዙ ዓመታት እንዳገለገለ ተናገረ። ድርጅቱ መዝገቡን ለብሔራዊ ቤተ መዛግብት ስለማያስረክብ ይህን ለማረጋገጥም ለማስተባበልም ወረቀት አታገኙም፤ «እሱ እንደተናገረው» ብላችሁ ትጽፋላችሁ። አዘጋጁ ግን «ሰላይ ነበር» የሚል ርእስ ፈለገ፣ «የተናገረው ራሱ ነው፤ ከባለቤቱ በላይ ምስክር የለም» እያለ። አልተስማማሁም። ነገሩ ማጣፈጫ አይደለም። የ1969ኙ መጽሐፍ የእንግሊዝን መንግሥት በብርቱ የሚከስ፣ በረሃብ ስላለቁት ሕፃናት የሚጮህ መጽሐፍ ነው፤ ጸሐፊው በዚያው ሰሞን ለዚያው መንግሥት የስለላ ክንፍ መረጃ ያቀብል ከነበረ አንባቢው መጽሐፉን ሲያነብ ያንን ማወቅ አለበት፤ የረሃቡ እውነትነት ግን በዚህ አይፈርስም። ሁለቱን ጎን ለጎን ለማስቀመጥ ታገልኩ፣ አስቀመጥኩም። ከጽሑፉ ሁሉ የምኮራበት ገጽ እሱ ነው።

መጽሐፉን ስትገዙ የእትሙን ገጽ እዩ። በ1977 መግቢያና መደምደሚያ ተጨምሮበት በሌላ ርእስ እንደገና ወጥቷል፤ የኋለኛውን ቃል የ1969 ምስክርነት አድርጎ መጥቀስ ታሪኩን ያበላሻል። እኔ ለእያንዳንዱ ድርጊት ሦስት ዓምድ ሠራሁ፦ ምን አለ፣ መቼ አለው፣ በጊዜው ምን ታተመ። ሦስተኛው ባዶ ከሆነ ድርጊቱ በእሱ ስም ብቻ ይጻፋል። ግለ ታሪኩን ቀድማችሁ አንብቡ የሚሏችሁን አትስሙ። መጨረሻ ላይ አንብቡት፤ ቀድማችሁ ካነበባችሁት የእሱን ቅደም ተከተል ሳታውቁት ትወርሳላችሁ።

ከዚህ በኋላ መንገዱ ይቀላል። ከጦርነቱ ባዶ እጁን ተመልሶ በጃንዋሪ 1970 የመጀመሪያ ልቦለዱን በ35 ቀን ጻፈ። በመጽሐፉ ሊገደሉ የሚታደኑት የፈረንሳዩ መሪ የነበሩት ደጎል ያኔ በሕይወት ነበሩ፤ አሳታሚዎች «አለመገደላቸውን ዓለም ያውቃል፣ ምኑ ልብ ያንጠለጥላል?» ብለው መለሱት። ደጎል በኖቬምበር ዐረፉ፣ መጽሐፉ በ1971 ወጣ፣ በ1972 ለወንጀል ልቦለድ የሚሰጠውን የኤድጋር ሽልማት አገኘ። መጽሐፉን ያዳነው ደራሲው ፓሪስ ላይ በዘጋቢነት ያየው ዝርዝር ነው። በ1972 «ዘ ኦዴሳ ፋይል» ተከተለ፤ በውስጡ ያለው፣ ናዚዎች አይሁድን ያጎሩበት የሪጋ ጌቶ አዛዥ ኤዱዋርድ ሮሽማን እውነተኛ ሰው ነበር፣ በ1977 ፓራጓይ ውስጥ ሞተ።

በ1974ቱ «ዘ ዶግስ ኦቭ ዋር» ላይ ግን ያው ሦስት ዓምድ ይመለሳል። ቅጥረኛ ወታደሮች የአንዲት ትንሽ አፍሪካዊት አገር መንግሥት ሲገለብጡ የሚያሳይ ልቦለድ ነው፤ በ1978 አንድ የለንደን ጋዜጣ ደራሲው በኢኳቶሪያል ጊኒ ላይ በ1973 ለተወጠነ መፈንቅለ መንግሥት ገንዘብ አውጥቷል ብሎ ጻፈ። እሱ ለመጽሐፉ ጥናት ብቻ ነው ያደረግሁት አለ። በ2005 የተከፈቱ የእንግሊዝ መንግሥት ሰነዶች በዚያ ጊዜ እንዲህ ያለ ውጥን እንደነበር ያሳያሉ። ውጥን መኖሩና የእሱ እጅ መኖሩ ግን ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ በአንድ ዓረፍተ ነገር አታጋጥሟቸው።

ጥቅስ ስትወስዱ አጭር ይሁን፣ ምንጩም ይጠቀስ፤ በእንግሊዝ ሕግ የሥራዎቹ የቅጂ መብት እስከ 2095 መጨረሻ ይዘልቃል። ከዕረፍቱ በኋላ የወጣው የኦዴሳ ተከታይ ከሌላ ደራሲ ጋር የተጻፈ ነው፤ በሥራዎቹ ዝርዝር ውስጥ ለብቻው ይቀመጥ።