ስም የሌለው መሶብ

ባለፈው ዓመት እዚሁ ጎንደር በተዘጋጀ አንድ ዐውደ ርዕይ ላይ የአክስቴ መሶብ ቀርቦ ነበር። ሄደን አየነው። ግድግዳው ላይ ሥዕሎች ተሰቅለዋል። በእያንዳንዱ ሥር የሠዓሊው ስም፣ የሥዕሉ ርእስ፣ የተሠራበት ዓመት አለ። ጥግ ላይ ደግሞ መሶቦች፣ ሙዳዮችና ከጎንደር አጠገብ ካለችው ከወለቃ መንደር የመጡ ሁለት ሸክላዎች መሬት ላይ ተደርድረዋል። ለነሱ ሁሉ የተለጠፈው ወረቀት አንድ ነው። «የእጅ ሥራ» ይላል፣ በቃ።

አክስቴ ምንም አላለችም። ሰው እንዳያደናቅፈው ብላ መሶቡን ትንሽ ወደ ግድግዳው ገፋ አደረገችው። እኔ ግን ያን ቀን ተናድጄ ነው ቤቴ የገባሁት፣ እስከ ዛሬም አልበረደልኝም።

ያንን መሶብ ስትሠራ አይቻለሁ። ከቤት ሥራ በተረፋት ሰዓት ስለሆነ የምትሰፋው አምስት ወር ያህል ፈጅቶባታል። አክርማና ስንደዶውን ከቅዳሜ ገበያ ትገዛለች። ቀለሙን በአሮጌ የወተት ዱቄት ጣሳ ታፈላለች፣ ስንደዶው ተነክሮ ሲደርቅ አለላ ይሆናል። ከዚያ በውሃ እያራሰች፣ በጥርሷ ያዝ እያደረገች፣ በወስፌ እየወጋች ትዞራለች። ሐረጉ የተሳለበት ወረቀት የለም። ከንፈሯን እያንቀሳቀሰች ትቆጥራለች። አንድ ማታ መብራት ጠፍቶ በሻማ ስትሰፋ ቀዩ በአንድ አለፈባት። እኔ አጠገቧ ቁጭ ብዬ እንኳ አልታየኝም። ጠዋት ስነሳ ሦስት ዙር ፈትታ እንደገና ጀምራለች። «ምነው እትዬ፣ ማን ያየዋል?» አልኳት። «አሁን ካልፈታሁት አናቱ ላይ ስደርስ ሐረጉ አይገጥምም» አለችኝ።

ቋንቋችን ራሱ ነገሩን ያሳብቃል። «ባለሙያ ሴት» ስንል ወጥ የሚጣፍጥላት፣ ጠላ የምትጠምቅ፣ ስፌት የምታውቅ ማለታችን ነው። «ጥበብ» ደግሞ ሌላ ነው። የቀሚሳችን ጥለት ጥበብ ይባላል። የሚሸምነው ሸማኔው ነው፣ ወንዱ። ድሩንና ማጉን ስትፈትል የከረመችው ሴትዮ ግን ፈታይ ብቻ ናት። ሁለቱ ስሞች ለማን እንደተከፋፈሉ ልብ በሉ።

ይሄ የኛ አገር ጉድ ብቻ መስሎኝ ነበር። ስለ 20ኛው ክፍለ ዘመን ሴት ሠዓሊዎች ማንበብ ስጀምር ነው ፈረንጆቹም ያው እንደሆኑ የገባኝ። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመቶች ዓ.ም. ካላልኩ በቀር በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) ጀርመን ውስጥ በ1919 ባውሃውስ የሚባል የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ሲከፈት፣ ሴትና ወንድ እኩል ነው ተብሎ ታወጀ። ሴቶቹ ብዙ ሆነው ሲመጡ ግን አብዛኞቹ ወደ ሽመና ክፍል ተገፉ። አኒ አልበርስ አንዷ ነች። ክፍሉን መርጣ አልገባችበትም፣ ከገባች በኋላ ግን ክሩን የምታስብበት ነገር አደረገችው። በ1949 የኒው ዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ለብቻዋ ዐውደ ርዕይ አዘጋጀላት። በጨርቅ ሥራ እዚያ ቤት እንዲህ ያለ ዕድል ያገኘች የመጀመሪያዋ እሷ ናት።

ከሁሉ ያስቆመኝ ግን የአሜሪካዊቷ የሥነ ጥበብ ታሪክ ምሁር የሊንዳ ኖክሊን ጽሑፍ ነው። በ1971 «ታላላቅ ሴት ሠዓሊዎች ለምን አልኖሩም?» ብላ ጠየቀች። «ኖረዋል እኮ» ብላ ስም ለመቁጠር አልቸኮለችም። «ማን የት ተማረ?» ወደሚለው ነው የሄደችው። አውሮፓ ውስጥ ትልቅ ሥዕል ለመሳል የሰው እርቃን ገላ እያዩ መለማመድ ግድ ነበር፣ እስከ 19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ድረስ ግን ሴት ተማሪ እዚያ ክፍል አትገባም። በሩ ተዘግቶባት፣ ኋላ ደግሞ «ታዲያ የታል ሥራሽ?» ትባላለች።

ይህን ካነበብኩ በኋላ ደብረ ብርሃን ሥላሴ ስገባ በፊት የማላስበውን አሰብኩ። ጣሪያውን የሞሉትን የመላእክት ፊቶች ጎንደሬ ሁሉ ያውቃቸዋል፣ ትልልቅ ዓይኖቻቸው ከልጅነቴ ጀምሮ ያዩኛል። ማን ሳላቸው? በዚያ ዘመን ሥዕል የሚለመደው እዚያው ቤተ ክህነት ውስጥ ነው፣ ከደብተራውና ከካህኑ ሥር ቁጭ ብሎ። የቆሎ ተማሪ አኮፋዳውን አንግቶ፣ ለውሻ ዱላ ይዞ፣ ከአገር አገር እየዞረ ነው የሚማረው። ሴት ልጅ በዚያ መንገድ ትሂድ ቢባል ማን ይለቃት ነበር? «ሴት በማጀት፣ ወንድ በችሎት» የሚል አገር ነው። ቁስቋምን ያሠሩት እቴጌ ምንትዋብ እንኳ፣ ያን ሁሉ ሥልጣንና ሀብት ይዘው፣ ጣና ላይ በናርጋ ሥላሴ የምናያቸው ተስለው ነው፣ በእመቤታችን እግር ሥር ተደፍተው። አሠሪ መሆን ይቻላል፣ መሳል ግን ሌላ ነው።

ደግሞ ያን በር አንኳኩተው የመጡም አሉ። እማሆይ ጽጌ ማርያም ገብሩ ሙዚቀኛ ነበሩ እንጂ ሠዓሊ አልነበሩም፣ ግን ጎንደርን ካነሳሁ አላልፋቸውም። በ1960ዎቹ የቅዱስ ያሬድን ዜማ ለማጥናት እዚህ መጡ። የቆሎ ተማሪዎቹ ደጅ ሲያድሩ አይተው አዘኑ። የመጀመሪያ የሙዚቃ ሸክላቸው በ1967 ጀርመን አገር ሲታተም ገንዘቡን ለችግረኞች አዋሉት።

በሥዕሉ በኩል አዲስ አበባ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት የተከፈተው በ1950 ዓ.ም. ገደማ ነው፣ አለ ፈለገ ሰላም ናቸው ያቋቋሙት። ከዚያ ከወጡት የመጀመሪያ ሴቶች አንዷ ደስታ ሐጎስ በ1969 የራሷን ዐውደ ርዕይ አሳየች። ልዩነቱን እዩት። አክሱምንና ጎንደርን ያህል የሥዕል ታሪክ ባለው አገር፣ ትምህርት ቤቱ በተከፈተ በአሥራ ሁለት ዓመት ገደማ ውስጥ አንዲት ሴት በስሟ ግድግዳ ያዘች። ኖክሊን ያለችው ይሄንኑ አይደል?

አሜሪካኖቹ ሴቶች በጽሑፍ አላቆሙም። በ1970 ሠዓሊዋ ፌዝ ሪንጎልድና ጓደኞቿ የኒው ዮርኩ ዊትኒ ሙዚየም ግማሹን ቦታ ለሴቶች ይስጥ ብለው ተነሱ። አዳራሹ ውስጥ ጥሬ እንቁላል እያስቀመጡ፣ ፊሽካ እየነፉ። በ1989 ደግሞ የጎሪላ ጭምብል አድርገው የሚንቀሳቀሱት ሴት ሠዓሊዎች፣ ገሪላ ገርልስ፣ ቁጥር ይዘው መጡ። በሜትሮፖሊታን ሙዚየም ዘመናዊ ክፍል ከ5 በመቶ በታች የሚሆኑት ሠዓሊዎች ብቻ ሴት ነበሩ፣ እርቃን ከተሳሉት ግን 85 በመቶው ሴት ነበር።

ከሁሉም የምወዳት ሪንጎልድን ነው። ዘይት ቀለም የተማረች ሠዓሊ ነበረች። ግን የቅድመ አያቷ እናት ባሪያ ሆና ደሪቶ ትሰፋ ነበር፣ እናቷም ሃርለም በሚባለው የኒው ዮርክ ሰፈር ልብስ ሰፊ ነበረች። ደሪቶ ያልኩት ጨርቅ ቀጣጥለው የሚሰፉትን ብርድ ልብስ ነው። እኛ ዘንድ ደሪቶ የድህነት ምልክት ነው፣ እንግዳ ሲመጣ ይደበቃል። ሪንጎልድ በ1980 ከእናቷ ጋር ሆና አንድ ደሪቶ ሠራች፣ የሃርለም ሰዎችን ፊት ሣለችበት። ከዚያም ታሪክ እየጻፈችበት ቀጠለች። እናቷን ረዳት ብላ አላሳነሰቻትም፣ አብራ ሠሪ ናት። እኔን የነካኝ ይሄ ነው።

ወለቃንም ማሰብ አለብን። ቤተ እስራኤል ሴቶች እዚያ ሸክላ ሲሠሩ ኖረዋል። ድስቱን፣ ጀበናውን የጎንደር ሰው ይገዛቸው ነበር፣ ዞሮ ግን ቡዳ ይላቸው ነበር። በ20ኛው ክፍለ ዘመን ቱሪስት መምጣት ሲጀምር ትንንሽ የሸክላ ምስሎች መሥራት ያዙ፣ አብዛኞቹ እስከ 1991 ወደ እስራኤል ሄዱ። ምስሎቹ ዛሬ በየአገሩ ሰው ቤት መደርደሪያ ላይ አሉ። የሠሪዎቹን ስም ግን ማን ያዘው? ኖክሊን ስለ አውሮፓ የጻፈችው በር እዚህ በስድብ ነበር የተዘጋው። ይህን የምለው እኛው ስለሆንን የዘጋነው ነው።

በቀደም ቡና ላይ ለአክስቴ የአሜሪካዊቷን ሠዓሊ የጁዲ ቺካጎን ሥራ በስልኬ አሳየኋት። ከ1974 እስከ 1979 የተሠራ ትልቅ ገበታ ነው። ሦስት ማዕዘን ነው፣ በየጎኑ 13፣ በጠቅላላው ለ39 ሴቶች ቦታ አለው። ለእያንዳንዷ ሳህንና የተጠለፈ ጨርቅ ተዘርግቷል፣ ወለሉ ላይ ደግሞ የሌሎች 998 ሴቶች ስም ተጽፏል። (ከ39ኙ ውስጥ ጥቁር አሜሪካዊት አንዲት ብቻ መሆኗ በጊዜው ክፉኛ አስተችቷታል፣ ትችቱም ትክክል ይመስለኛል።) አክስቴ ሳህኖቹን ትታ ጨርቁን በጣቷ አጎላችው።

«ይሄን ጥልፍ ብቻዋን ነው የጠለፈችው?»

«አይ፣ ብዙ መቶ ሰዎች አግዘዋታል።»

«ታዲያ የነሱስ ስም?»

ቺካጎ ያገዟትን ሰዎች ስም መዝግባ ከሥራው ጋር እንዳሳየች ነገርኳት። «ደግ አደረገች» አለችና ስኒዋን አነሳች።

ዘንድሮ መሶቡ እንደገና ለዕይታ ሊወጣ ነው። አሁን ግን ወረቀቱን እኔ ነኝ የምጽፈው፣ አዘጋጆቹም ተስማምተዋል። ከካርቶን ቆርጬ የአክስቴን ስም በትልቁ ጻፍኩ። አይታው ዝም አለች። ትንሽ ቆይታ «የእናቴንም ጻፊበት፣ ሐረጉ እኮ የሷ ነው» አለችኝ። ጻፍኩ። «እሷም ከእናቷ ነው ያየችው» አለችና የቅድመ አያቴን ስም ነገረችኝ። ኢንተርኔት ላይ እንዳላወጣው ስላስማለችኝ እዚህ አልጽፈውም። በዚህ ዕድሜዬ ሰምቼው አላውቅም ነበር። ወረቀቱ ጠበበኝ፣ ሌላ ካርቶን ቆረጥኩ።