ከኖቫ ሁታ እስከ ፕራጋ፦ የፍራንቺሼክ ፒዬችካን መድረኮች ፍለጋ

ፖላንድ ውስጥ ክራኮቭ ከተማ ላይ 4 ቁጥር ትራም ተሳፍሬ ወደ ኖቫ ሁታ የሄድኩት ለአንድ ተዋናይ ስል ነው። ሌላው ጎብኚ ወደዚያ የሚሄደው እ.ኤ.አ. ከ1949 ጀምሮ ለብረት ፋብሪካ ሠራተኞች የተቆረቆረችውን የሶሻሊዝም ከተማ ሊያይ ነው፤ እውነትም ጎዳናዎቿ ሰፋፊ፣ ዛፎቿ ብዙ ናቸው። እኔ ግን ማዕከላዊው አደባባይ ላይ ወርጄ፣ መንገደኛ እየጠየቅሁ በቀጥታ ወደ ሉዶቪ ቴአትር ቤት አመራሁ።

ፍራንቺሼክ ፒዬችካ በደቡብ ፖላንድ የምትገኘው የሲሌዥያ ሰው፣ የከሰል ማዕድን ቆፋሪ ልጅ ነበር። በ1954 ከዋርሶ የቴአትር ትምህርት ቤት ተመረቀ። ሉዶቪ በ1955 መጨረሻ ሲከፈት ደግሞ ከመጀመሪያዎቹ ተዋናዮች አንዱ ሆነ። በ1956 የስታይንቤክ «አይጦችና ሰዎች» እዚህ ሲታይ ሌኒ የተባለውን ገጸ ባሕርይ ተጫወተ፤ ጉልበቱን መመጠን የማይችል፣ የሚወደውን ሲዳብስ የሚገድል የዋህ ሰው። ሕንፃው ፊት ለፊት ቆሜ ያሰብኩት የዚያን ዘመን ተመልካች ነው። አብዛኛው ከገጠር የመጣ፣ በጉልበቱ የሚያድር ወጣት ነበር። እንዲህ ያለ ሰው እንደ ሌኒ ያለ ግዙፍ ሰው ሲንቀጠቀጥ ሲያይ ምን ይሰማው ይሆን?

ፒዬችካ ዕድሜውን ሙሉ በትልቅ ሰውነት ውስጥ ርኅራኄን ሲያሳይ ኖረ። ሕዝቡ አብዝቶ የሚያውቀው ከ1966 እስከ 1970 በታየው «አራቱ ታንከኞችና ውሻው» ተከታታይ ድራማ ነው፤ ጉስትሊክ የተባለውን የሲሌዥያ ጉልበተኛ ሆኖ ተጫውቷል።

ከዚያ ወደ ዋርሶ ተጓዝኩ። ሜትሮው በቪስቱላ ወንዝ ሥር አልፎ ፕራጋ በተባለው የዋርሶ ክፍል፣ ስታዲየሙ አጠገብ ያወርዳል፤ ፖቭሼክኒ ቴአትር ቤት ከዚያ በእግር ይደረሳል። በ1977 እዚህ ዚግሙንት ሂብነር የኬን ኬሲን የአእምሮ ሆስፒታል ታሪክ ሲያዘጋጅ፣ ፒዬችካ ደንቆሮና ዲዳ መስሎ የሚኖረውን የአሜሪካ ቀደምት ነዋሪ፣ አለቃ ብሮምደንን ተጫወተ። ጯሂውንና ተጫዋቹን ማክመርፊን ሆኖ የተጫወተው ቮይቼክ ፕሾኒያክ ነበር። በእኔ ግምት ከባዱ ሥራ የፒዬችካ ነው። ቃል ሳይተነፍሱ ቆሞ የተመልካችን ዓይን መያዝ ለጥቂቶች ብቻ የተሰጠ ችሎታ ነው። ትኬት ክፍሉ ውስጥ ለነበሩት ሴትዮ ስሙን ስጠራላቸው ፊታቸው በራ። «ጉስትሊክ!» አሉኝ ወዲያው። የዚያኑ ምሽት ትዕይንት ትኬት ገዝቼ ገባሁ።

በፊልም ሁልጊዜ የዋህ አልነበረም፤ በ1974 በወጣው «ፖቶፕ» ውስጥ ጨካኙን ኪየምሊችን ሆኗል። በ1993 ደግሞ «ያንቾ ቮድኒክ» ላይ በውኃ የሚፈውስ ገበሬ ሆኖ በግዲኒያ የፊልም ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይነት ሽልማት ወሰደ። በመስከረም 2022 በ94 ዓመቱ አረፈ።

ሥራዎቹን አይቶ ለማያውቅ በ1967 ከተሠራው «የማቴዎስ ሕይወት» እንዲጀምር አጥብቄ እመክራለሁ። አርባ ዓመት የሞላው፣ ልቡ ግን የሕፃን የሆነ፣ ከእህቱ ጋር ሐይቅ ዳር የሚኖር ሰው ታሪክ ነው። ፒዬችካ ወፍ የሚያይበትን አስተያየት ሌላ ተዋናይ ላይ አላየሁም።