ሐይቅ፣ በሩ ላይ ተቀምጬ

ዕቅዳችን ሐይቅ አልነበረም። ወንድሜ ቦረና ሳይንት ብሔራዊ ፓርክ ሄደን ቀይ ቀበሮ እናያለን እያለ ሁለት ወር ሙሉ ሲነዘንዘኝ ከርሟል። ደሴ ስንደርስ ግን ዝናቡ ያዘን። የተስማማነው ሹፌር በጠዋት ደውሎ "በዚህ ጭቃ መካነ ሰላም አልሄድም" አለና ስልኩን ዘጋ። ቀብዱንም አልመለሰም። እኔ ቀበሮው ያን ያህል ስላላጓጓኝ ብዙም አልከፋኝ። መናኸሪያ ወርደን ሐይቅ የሚሄድ ሚኒባስ ውስጥ ገባን።

መንገዱ 30 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ቦሩ ሜዳ ላይ ወንድሜ የመስኮቱን ጉም በክንዱ ጠረገና "አየሽ፣ አፄ ዮሐንስ በ1870 ዓ.ም. የሃይማኖት ጉባኤውን ያደረጉት እዚህ ነው" አለኝ። አየሁ። እርጥብ ሜዳ ነው። ሁለት በጎችም ነበሩ።

ሐይቅ ከተማ ከውሃው ትንሽ ራቅ ትላለች። ባጃጅ ይዘን ወደ እስጢፋኖስ ገዳም ሄድን። ገዳሙ ድሮ ደሴት ላይ ነበር፤ ዛሬ ቦታው ከየብስ ጋር ተያይዟል፣ በእግር ይገባል። ማለቴ፣ ወንድ ይገባል። በሩ ጋ ስንደርስ ጥበቃው ወንድሜን "ግባ" አሉት፣ እኔን ደግሞ በጣም በትሕትና "አንቺ እዚህ አረፍ በይ የኔ ልጅ" አሉኝ። የወንዶች ገዳም መሆኑን አውቃለሁ። ቢሆንም ይህን ሁሉ መንገድ መጥቶ በር ላይ መቅረት ደስ አይልም።

ዛፍ ሥር አንዲት መነኩሲት ተቀምጠዋል። ነጠላቸውን ሰብሰብ አድርገው ቦታ ሰጡኝ፤ ከቋጠሮአቸውም ቆሎ ዘገኑልኝ። ከየት መጣሽ፣ ማን ወለደሽ ተባባልን። ዝም ስንል ውሃው ይሰማል። ከዚያ ሳልጠይቃቸው ጀመሩ።

"ይሄ ሁሉ የምታዪው ውሃ ደረቅ መሬት ነበር ይባላል። አንዲት እርጉዝ ሴት ነበረች። የንጉሥ ልጅ በደለቻት።"

"ምን አድርጋት ነው እማሆይ?"

"በደል ነዋ ልጄ" አሉኝ፣ ሌላ ምን ይጠየቃል በሚል ዓይን። "እግዚአብሔር ተቆጣ። ዙሪያውን ያለውን ምድር ውሃ አደረገው። የንጉሥ ልጅም፣ ዘመዶቿም፣ ወዳጆቿም ሰጠሙ። እርጉዟ የተቀመጠችባት ቁራሽ መሬት ብቻ ቀረች።"

"እና ያቺ መሬት የት ናት?"

በአገጫቸው ወደ በሩ አመለከቱኝ። ወደ ውስጥ።

በሩን አየሁት፣ እሳቸውን አየኋቸው። ሳቄ መጣ፤ ገዳም ደጃፍ መሳቁ ነውር መሰለኝና ዋጥኩት። እሳቸው ግን ገብቷቸዋል። "እሷማ ቀድማ ገብታለች" አሉኝ። "የዘገየነው እኔና አንቺ ነን።"

ወንድሜ ቆየ። ምን እንደሚያይ አውቃለሁ፣ ከመምጣታችን በፊት አንብቤያለሁ። (እሱ ስለ ቀበሮው ነበር የሚያነበው።) አባ ኢየሱስ ሞዓ ደብረ ዳሞ ተምረው እዚህ የመጡት በ1248 እ.ኤ.አ. አካባቢ ነው። እስኪያርፉ ድረስ፣ እስከ 1293፣ ገዳሙን መሩ። ትምህርት ቤት ከፈቱ፣ መጻሕፍት አሰባሰቡ። በኋላ ደብረ ሊባኖስን የመሠረቱት አቡነ ተክለ ሃይማኖት እዚህ ከሳቸው እግር ሥር ተምረዋል። ኢየሱስ ሞዓ በ1280 እና 1281 መካከል ለገዳሙ የሰጡት አራቱ ወንጌል እስከ ዘመናችን ቆይቷል። በ1270 ይኩኖ አምላክ ሲነግሡ ደግሞ ገዳሙ የቤተ መንግሥት ባለሟል ሆነ። የሐይቁ አበምኔት "ዐቃቤ ሰዓት" ተባለ። ንጉሡ ዘንድ ማን መቼ እንደሚገባ የሚያውቅ ሰው ነው። ዛሬ ቢሆን ቀጠሮ ያዥ እንለው ነበር፤ ግን ያንሰዋል። ከዚህች ቁራሽ መሬት ሆኖ የአገሩን ንጉሥ በር የሚጠብቅ ሰው ማለት ነው።

በ1531 እ.ኤ.አ. የኢማም አሕመድ ጦር እዚህ ድረስ መጥቶ የገዳሙን ሀብት ወሰደ። ውሃው ለገዳሙ አጥር ነበር፤ ያኔ ግን አላስጣለም።

ወንድሜ ሲወጣ ፊቱ በርቶ ነበር። እማሆይን ተሰናብተን ወደ ውሃው ወረድንና ጀልባ ተከራየን። ሐይቁ ሰፊ ነው፣ 23 ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ። ጥልቅም ነው፤ ከ80 ሜትር በላይ የሚወርድበት ቦታ አለ። ከላዩ ውሃ ይገባበታል እንጂ የሚወጣ ወንዝ የለውም። ቀዛፊው ልጅ ወሬ ይወዳል። እኔም ከመጽሐፍ ያገኘሁትን አንድ ነገር ልሞክርበት ፈለግሁ። በ1520ዎቹ እ.ኤ.አ. አገራችንን ያየው ፖርቱጋላዊው ቄስ አልቫሬዝ ስለዚህ ሐይቅ ጽፏል። ደሴቲቱ ላይ ሎሚ፣ ብርቱካንና ትርንጎ አለ ይላል። መነኮሳቱ ከቄጠማ በታሰረ ጀልባ ይሻገራሉ ይላል። ውሃው ውስጥ ደግሞ ጉማሬ አለ ይላል፤ ስሙን ራሱ በእኛው ቃል ነው የጻፈው።

"ወንድሜ፣ እዚህ ጉማሬ አለ እንዴ?"

ልጁ መቅዘፉን አቆመ። "ጉማሬ? እዚህ?" አለ። "ወላሂ እታለም፣ ጉማሬ ካለበትማ እኔን እዚህ አታገኚኝም ነበር።"

ምሳ ዳር ላይ ካሉት ቤቶች አንዱ ጋ ተቀመጥን። የታዘዘው የቆሮሶ ጥብስ ነው። የሐይቅ ዓሣ ሲባል ከአባ ኢየሱስ ሞዓ ዘመን ጀምሮ ያለ ይመስላል፤ ቆሮሶው ግን ሰው ያመጣው እንግዳ ነው፣ ሐይቁ ውስጥ የተጨመረው በ1970ዎቹ እ.ኤ.አ. ነው። ለነገሩ ሲጠበስ ዕድሜው አይታወቅም።

ወንድሜ ያየውን እየነገረኝ ነው፦ ብራናው፣ መስቀሉ፣ ያስጎበኙት አባት ድምፅ፣ የዛፎቹ ጥላ። አንድም አላስቀረም። አስጨርሼው ጠየቅሁት።

"ሴትየዋ የተቀመጠችበትን ቦታስ አየኸው?"

"የቷ ሴትዮ?" አለኝ።

ዓሣው እስኪመጣ ነገርኩት።