የተረከዙ ቆዳ

ወንድሜ ከወደቀ ዛሬ 11ኛ ቀኑ ነው።

ከባህር ዛፍ መወጣጫው ላይ ተንሸራቶ ሲወድቅ ያረፈው በእግሩ ነበር። ጭንቅላቱን ስላልመታው ሁላችንም ተመስገን አልን። ግራ እግሩ ቁርጭምጭሚቱ እስኪጠፋ ሲያብጥ እማዬ «ወለምታ ነው፣ ወጌሻ ይየው» አለች። የሰፈራችን ወጌሻ ለወለምታ እጁ የተባረከ ነው፤ እኔንም በልጅነቴ አሽቶኛል። ማታ ላይ ግን በስልኬ መብራት የውስጥ እግሩን ሳየው፣ መሃሉ ጠቁሮ በልዟል። ወለምታ እንዲህ ሲያደርግ አይቼ አላውቅም። እማዬን ለምኜ ሆስፒታል ወሰድነው።

ሐኪሙ እግሩን ትቶ መጀመሪያ ወገቡን ተጫነው። ተናደድኩ። ለካ ከከፍታ ወድቀው ተረከዛቸው ከሚሰበር ሰዎች ከ10 አንዱ ያህል የጀርባ አጥንቱም ይሰበራል። የወንድሜ ወገብ ደህና ነው። ተረከዙ ግን ደቅቋል። ላዩ ስስ፣ ውስጡ እንደ ዳቦ ቀዳዳ የበዛበት አጥንት ነው አሉን፤ ሰው ሲወድቅ ከበላዩ ያለው አጥንት እንደ ሽብልቅ ገብቶ ይሰነጥቀዋል። እንዲህ ያበጠ እግር በቀርከሃ ጥብቅ ተደርጎ ቢታሰር ደም ተቋርጦ እግሩ ራሱ ሊሞት ይችላል። ይህን ስሰማ እማዬን ማየት አቃተኝ። ክፉ አስባ አልነበረም፤ ዕድሜዋን ሙሉ የምታውቀው መድኃኒት ያ ነው።

የከበደኝ መጠበቁ ነው። አጥንቱ ተሰብሮ እያዩት ለምን ቶሎ አይቀዱትም? ተረከዝ ላይ ያለው ቆዳ ስስ ስለሆነ፣ አብጦ ሳለ ከተቀደደ ቁስሉ አልገጥም ብሎ ሊያመረቅዝ ይችላል። ስለዚህ እግሩን በሦስት ትራስ ከልቡ በላይ ከፍ አድርገን፣ ሲጋራ ከልክለነው፣ እብጠቱ ጎድሎ ቆዳው እስኪጨማደድ ስንጠብቅ ሰነበትን። በየጠዋቱ አየዋለሁ፤ የተወጠረ፣ የሚያብለጨልጭ።

ዛሬ ሐኪሙ የተረከዙን ጎን በሁለት ጣቱ ሰብሰብ ሲያደርገው ቀጫጭን መስመሮች ታዩ። «ሐሙስ እንሠራዋለን» አለ።

ወንድሜ የጠየቀው ሥራ መቼ እንደሚመለስ ነበር።

«ከ2 እስከ 3 ወር አትረግጥበትም። ከዳንክ በኋላም ኮብልስቶን ላይ ስትሄድ ሊያምህ ይችላል።»

መወጣጫ ስለመውጣት አልጠየቀም። ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። እማዬ ትራሱን ደግማ አስተካከለችለት።